ከ«0 ዓመት» ለመውጣት፦ ለአዲስ ምሩቅ የሥራ ፍለጋ ዝርዝር መመሪያ

የምረቃው አበባ ሳይጠወልግ ካኪ ፖስታው ይጀመራል። ውስጡ አሥር የዲግሪ ኮፒ፣ አሥር የስቱደንት ኮፒ (የውጤት መግለጫ)፣ ጥቂት ጉርድ ፎቶ። እኔም ይዤው ስምንት ወር ዞሬያለሁ። ክረምቱ ሁለት ጊዜ አበስብሶብኝ ሁለት ጊዜ ቀይሬዋለሁ። ዛሬ ወንበሩ ዞሮልኝ በአንድ የግል ድርጅት የሰው ኃይል ክፍል የሌሎችን ፖስታ እከፍታለሁ።

ከሁለቱም በኩል ሳየው አዲስ ምሩቅ ሥራ የሚያመልጠው ብዙ ጊዜ በትንንሽ ነገር ነው። ስልኩ ዝግ ይሆናል። ፋይሉ አይከፈትም። ዋስ ይጠፋል። ሌላው ደግሞ ልብ ውስጥ ያለ ችግር ነው፤ የመጀመሪያውን ሥራ የዕድሜ ልክ ሥራ አድርጎ መፈለግ። ማስታወቂያ ላይ «የሥራ ልምድ፦ 0 ዓመት» የሚል መስመር እንደ ልብ አይገኝም። «1 ዓመት» የሚለው ግን ሞልቷል። ስለዚህ ይህ መመሪያ የሚያወራው ስለ አንድ ነገር ነው፦ ከዜሮ ስለ መውጣት። ምሳሌዎቼ የአዲስ አበባ ናቸው፣ የማውቀው እሱን ስለሆነ።

1. ከግቢ ሳትርቁ ወረቀቱን ጨርሱ

ሬጅስትራር ቢሮ ደጅ መሰለፍ የሚቀለው ዶርም ውስጥ እያላችሁ ነው። አገር ቤት ከገባችሁ በኋላ ለአንድ ማኅተም ብላችሁ ሌሊት አውቶቡስ ተራ ትቆማላችሁ። ቴምፖውን (ጊዜያዊ ዲግሪውን) እና ስቱደንት ኮፒውን ይዛችሁ ውጡ። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ የመውጫ ፈተና ስላለ ቀጣሪም የሚጠይቀው ስለ እሱ ነው። ማለፊያው 50 ነው። ያላለፈ ሰው እንደገና መፈተን ይችላል፣ የዓለም መጨረሻ አይደለም። የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ ምሩቅ ከሆናችሁ የወጪ መጋራት ዕዳ አለባችሁ። ኦሪጅናሉን ለመውሰድ ዕዳው መዘጋት አለበት። ለጊዜው ግን ብዙ ቦታ በቴምፖ ይቀበላሉ፣ አትጨነቁ።

ከዚያ ፋይዳ መታወቂያና የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር፣ ማለትም ቲን። ሁለቱንም ሥራ ሳታገኙ አውጡ። ስትቀጠሩ ያለ ቲን የደመወዝ መክፈያ ላይ አትገቡም።

አሁን አንድ ነገር እዩልኝ። የ12ኛ ክፍል ሰርተፊኬታችሁን፣ ዲግሪውንና ፋይዳውን ጎን ለጎን ዘርጉ። በእንግሊዝኛ የተጻፈውን ስማችሁን ፊደል በፊደል አንብቡ። ተስፋዬ በአንዱ ላይ በአንድ «ኤስ»፣ በሌላው ላይ በሁለት ተጽፎ አይቻለሁ። ልጁ ፈተናውንም ኢንተርቪውንም አልፎ፣ ሰነድ ሲመረመር ሁለት ሰው ሆኖ ተገኘ። ለማስተካከል ጊዜ ይፈጃል። ያን ጊዜ ቀጣሪ ቁጭ ብሎ አይጠብቃችሁም።

በመጨረሻ ሁሉንም ስካን አስደርጉና በአንድ ፒዲኤፍ አዋህዱት። በስልክ ካሜራ ብርድ ልብስ ላይ አንጥፋችሁ ያነሳችሁት ፎቶ ስካን አይባልም። የፋይሉን ስም የራሳችሁን ስምና የትምህርት መስካችሁን አድርጉት። በቀን ሃያ «ሲቪ ኒው ፋይናል 3» የሚል ፋይል ይደርሰኛል። የማን እንደሆነ ካልከፈትኩት አላውቅም፣ ሁልጊዜ ደግሞ አልከፍተውም።

2. ሲቪ፦ ጸሐፊ ቤት የሚሸጠውን አትግዙ

ፎቶ ኮፒ ቤት ሄዳችሁ «ሲቪ ሥሩልኝ» ካላችሁ የሚሰጣችሁ ያው ለሁሉም የሚሰጠው ነው። «ዕውቀቴንና ችሎታዬን ተጠቅሜ ለድርጅቱ ዕድገት አስተዋጽኦ ማድረግ» የምትለዋን ዓረፍተ ነገር በቃሌ ይዣታለሁ። አውጧት። አንድ ገጽ ይበቃችኋል። ሃይማኖት፣ የትዳር ሁኔታ፣ የአባት ሥራ አያስፈልግም። ስልክ ሁለት ይኑር፣ የራሳችሁና ሁልጊዜ የሚያነሳ የቤተሰብ ሰው።

ዓመተ ምሕረቱን ተጠንቀቁ። በ2017 ዓ.ም. ሐምሌ የተመረቀ ሰው በእንግሊዝኛ ሲቪው ላይ 2017 ብሎ ሲጽፍ፣ አንባቢው የፈረንጁን አቆጣጠር ነው የሚያስበው። ስምንት ዓመት ሥራ ፈትቶ የተቀመጠ ሰው ይመስላል። የእንግሊዝኛ ሲቪ ላይ 2025 ብላችሁ ጻፉ። ካልሆነም የትኛው አቆጣጠር እንደሆነ ከጎኑ አስቀምጡ።

«ልምድ የለኝም፣ ምን ልጻፍ?» የሚለው ጥያቄ ሁሌ ይመጣል። ኢንተርንሺፕ ወጥታችኋል። የመመረቂያ ፕሮጀክት ሠርታችኋል። ችግሩ አጻጻፉ ላይ ነው። አንዷ አመልካች «በአንድ ድርጅት ኢንተርንሺፕ ወስጃለሁ» ብላ ጽፋ ነበር። ስልክ ደውዬ ምን ትሠሪ ነበር አልኳት። የነገረችኝ ሲጻፍ እንዲህ ሆነ፦ «በአንድ የብረታ ብረት አስመጪ ፋይናንስ ክፍል ለ2 ወር፤ በቀን ከ40 የማያንሱ ደረሰኞችን በፒችትሪ የሒሳብ ሶፍትዌር መዝግቤያለሁ፤ በወሩ መጨረሻ ከባንክ ስቴትመንት ጋር የማስታረቁን ሥራ አግዣለሁ።» ልጅቷ ያቺው ናት። ሁለተኛውን ያነበበ አለቃ ግን ነገ ምን እንደሚያሠራት ይታየዋል።

ሱቅ የጠበቀም ይጻፈው። መርካቶ የአባቱን ሱቅ ክረምት ክረምት ሲሸጥ ያደገ ልጅ ለሽያጭ ሥራ ሲያመለክት፣ ሲቪው ላይ ያልነበረውን ሱቅ ያወቅነው ኢንተርቪው ላይ ነው። ለካ ከሁሉም በላይ ልምድ የነበረው እሱ ነው።

3. ማስታወቂያውን ማግኘትና ማንበብ

ድሮ አራት ኪሎ ጋዜጣ ተከራይቶ ቆሞ ማንበብ ነበር። ዛሬ አብዛኛው ነገር ስልክ ላይ ነው። ኢትዮጆብስ፣ ሃሁ ጆብስ፣ አፍሪወርክና የቴሌግራም ቻናሎች አሉ። ለአዲስ ምሩቅ ደግሞ ደረጃ የሚባለው መድረክ አለ፤ ሥልጠናና የሥራ አውደ ርዕይ ያዘጋጃል። ሪፖርተርና አዲስ ዘመን ላይ አሁንም ማስታወቂያ ይወጣል፣ በተለይ የመንግሥት መሥሪያ ቤቶችና ትልልቅ ድርጅቶች። የመንግሥት መሥሪያ ቤት በር ላይ ያለው ሰሌዳም አልሞተም። በወረዳችሁ ሥራ ፈላጊ ሆናችሁ መመዝገብንም አትናቁት፤ አንዳንድ ዕድል ቅድሚያ የሚሰጠው ለተመዘገበ ነው።

ሃምሳ የቴሌግራም ቻናል ውስጥ መግባት ግን ሥራ መፈለግ አይደለም። አንዱ ማስታወቂያ በሃምሳውም ላይ ይዞራል። አራት አምስት በቂ ነው። ማልዳችሁ አንድ ሰዓት፣ ማታ ግማሽ ሰዓት። በቀረው ጊዜ ሌላ ነገር ሥሩ።

አሁን አንድ ማስታወቂያ አብረን እናንብብ፦

«የሥራ መደቡ መጠሪያ፦ ጀማሪ የሒሳብ ሠራተኛ። ተፈላጊ ችሎታ፦ በአካውንቲንግ የመጀመሪያ ዲግሪና 0 ዓመት። ብዛት፦ 2። ደመወዝ፦ በስምምነት። አመልካቾች ማስታወቂያው ከወጣበት ቀን ጀምሮ ባሉት 7 ተከታታይ የሥራ ቀናት ዋናውንና የማይመለስ ፎቶ ኮፒ በመያዝ በግንባር ቀርበው መመዝገብ ይችላሉ።»

«ጀማሪ» እና «0 ዓመት» ማለት በሩ የእናንተ ነው። «በአካውንቲንግ» ብቻ ካለና «ወይም ተመሳሳይ» ካላለ፣ መንግሥት ቤት ከሆነ ማኔጅመንት የተማረ ሰው አይለፋ፣ መዝጋቢው ይመልሰዋል። «በስምምነት» ማለት የደመወዝ ጥያቄ ይቀርብላችኋል፣ መልስ አዘጋጁ። «የሥራ ቀናት» የሚለው ላይ እሑድና በዓል አይቆጠርም፤ ቢሆንም የመጨረሻውን ቀን አትጠብቁ። መብራት ይጠፋል፣ መዝጋቢው ስብሰባ ይገባል። «በግንባር» ካለ ኢሜል አትላኩ። «ዋናውን» ካለ ኮፒ ብቻ ይዛችሁ አትሂዱ። ዋናውን ግን አሳይታችሁ ተቀበሉ፣ የሚቀረው ኮፒው ነው።

«1 ዓመት» የሚል ብታዩስ? የመንግሥት ከሆነ እለፉት፣ መስፈርቱ አይታጠፍም። የግል ድርጅት ከሆነ አመልክቱ። እኛ ቤት ለ«1 ዓመት» የወጣ ቦታ ላይ ጥሩ ኢንተርንሺፕ ያላት ልጅ ገብታለች።

ያመለከታችሁበትን ሁሉ ደብተር ላይ ጻፉ። ቀን፣ ድርጅት፣ የሥራ መደብ፣ የላካችሁት ፋይል። ይህን የምለው አንድ ጊዜ ስልክ ተደውሎልኝ «ያመለከትከው ለየትኛው መደብ ነው?» ስባል «እ...» ብዬ ስለቀረሁ ነው። ሰውየው «እንደውልልሃለን» አለኝ። አልደወለም።

4. «ሰው የለኝም»

ሁላችንም ብለነዋል። «ሥራ በሰው ነው» የሚባለው ደግሞ ውሸት ነው ብዬ አልከራከርም። ግን «ሰው» ሲባል ሚኒስትር አጎት ብቻ አይደለም። ማስታወቂያው ሰሌዳ ላይ መለጠፉን የሚነግራችሁ የጥበቃ ሠራተኛ ሰው ነው። ካምናና ካቻምና የተመረቁት ሲኒየሮቻችሁ ከሁሉም የበለጡ ሰዎች ናቸው፤ የፈተናው ዓይነት ገና አልረሳቸውም።

ችግሩ አጠያየቁ ላይ ነው። «እባክዎ ሥራ ይፈልጉልኝ» ሲባል ሰው ይጨንቀዋል። እሺ ይልና ስልክ ማንሳት ያቆማል። ትንሽና የሚመለስ ነገር ጠይቁ። ለምሳሌ፦

«እትዬ፣ እንደምን ሰነበቱ። የማኅበርተኛዎ ልጅ ነኝ። ዘንድሮ በአካውንቲንግ ተመርቄያለሁ። እርስዎ መሥሪያ ቤት ጀማሪ ሠራተኛ ሲቀጠር ማስታወቂያው የት እንደሚለጠፍ ቢነግሩኝ ብዬ ነው። ሲቪዬን ልኬልዎታለሁ፣ ሲመችዎት ይዩልኝ።»

ይህን ለመመለስ አንድ ደቂቃ ይበቃል። ሲቪው ደግሞ እጃቸው ላይ ቀረ። እንዲህ ያለ መልእክት በሳምንት ሦስት ብትልኩ ብዙ ነው።

የቡና ጎረቤት «እስካሁን ሥራ አልያዝሽም?» ሲል ይቆጠቁጣል፣ አውቃለሁ። መልሱ ግን «አልያዝኩም፣ እርስዎ የሚያውቁት ቦታ አለ?» ነው። ወይ ጥቆማ ታገኛላችሁ፣ ወይ ሁለተኛ አትጠየቁም።

5. ፈተናው

ባንኮችና ትልልቅ ድርጅቶች ብዙ ሺህ አመልካች ስለሚመጣባቸው መጀመሪያ በጂፒኤ፣ ቀጥሎ በጽሑፍ ፈተና ያጣራሉ። ፈተናው ብዙ ጊዜ እንግሊዝኛ፣ ሒሳብና የማመዛዘን ጥያቄ ነው። ከትምህርት መስካችሁም ይጨመራል። ጥያቄው ቀላል ነው፣ የሚገድለው ሰዓቱ ነው።

አንድ ዕቃ ዋጋው 20 በመቶ ጨመረ፣ ከዚያ 20 በመቶ ቀነሰ። ስንት ሆነ? ቸኩሎ «ወደ ነበረበት ተመለሰ» የሚል ብዙ ነው። 100 ብር ብትሉት 120 ይሆናል፤ የ120 ደግሞ 20 በመቶው 24 ነው። ስለዚህ 96። እንዲህ ያለውን በየቀኑ ግማሽ ሰዓት፣ ስልካችሁ ላይ ሰዓት ሞልታችሁ ልመዱ። ፐርሰንት፣ ሬሾ፣ የቁጥር ቅደም ተከተል። ካልኩሌተር ይፈቀዳል ብላችሁ አትገምቱ።

ጥሪው በቴክስት ወይም በቴሌግራም ሊመጣ ይችላል። እኔ አንድ ፈተና ያመለጠኝ ቴክስቱ ለወንድሜ ስልክ ሄዶ፣ እሱ የቴሌ ማስታወቂያ መስሎት ስላጠፋው ነው። ሲም ካርዳችሁን እስክትቀጠሩ አትቀይሩ።

ኤክሴልን በደንብ እወቁ። ሲቪ ላይ «ኤክሴል እችላለሁ» ያለ ሰው ፊት ኮምፒዩተር አስቀምጠን መቶ መስመር ያለው የሽያጭ ዝርዝር በየቅርንጫፉ ደምር እንለዋለን። ካልኩሌተር የሚፈልግ አለ! መማሪያው ነፃ ነው፣ ኢንተርኔት ላይ ሞልቷል። ወደ ኮዲንግና ዳታ የሚያዘነብል ደግሞ በ2016 ዓ.ም. ማብቂያ የተጀመረው የ5 ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና ላይ ነፃ ሰርተፊኬት ማግኘት ይችላል።

6. ኢንተርቪው

«ከብት ያለው ያግባሽ ወይስ አፍ ያለው?» ቢሏት «አፍ ያለው ያግባኝ» አለች ይባላል። ከብቱ ጂፒኤው ነው፣ እዚህ ድረስ አድርሷችኋል። አሁን ተራው የአፍ ነው።

«እስቲ ስለራስህ ንገረን» ሲባል ከተወለዱበት ወረዳ የሚጀምር አለ። ሦስት ነገር በቂ ነው፦ ምን ተማርኩ፣ ምን በእጄ ሠርቻለሁ፣ ይህን መደብ ለምን ፈለግኩት። አንድ ደቂቃ ተኩል። ቤት መስታወት ፊት ሳይሆን ለታናሽ እህታችሁ ተናገሩት። ከሳቀች አስተካክሉት።

ስለ ድርጅቱ አንድ እውነተኛ ነገር እወቁ። ምን እንደሚያመርት፣ ስንት ቅርንጫፍ እንዳለው። «ምን እንደምንሠራ ታውቃለህ?» ተብሎ ኮርኒስ ኮርኒስ ያየ ስንቱ ነው።

ደመወዝ ሲጠይቋችሁ «የሰጣችሁኝን» አትበሉ። ትሕትና መስሏችሁ ነው፣ ለእኛ ግን ያልተዘጋጀ ሰው መልስ ነው። በዚያው መደብ ላይ ያለ ሲኒየራችሁን አስቀድማችሁ ጠይቁና «ከዚህ እስከዚህ፣ እንደ ድርጅቱ ስኬል እንነጋገራለን» በሉ። ልብስ አዲስ መሆን የለበትም። የተተኮሰ የወንድም ሸሚዝ ይበቃል። ለሦስት ሰዓት ከተቀጠራችሁ ለሁለት ተኩል ሰፈሩ ላይ ሁኑ፣ ታክሲ ሰልፍ ላይ ማን አዘነ።

7. ዋስ

ማንም አያስተምራችሁም፣ ግን ካለፋችሁ በኋላ የሚጥላችሁ ይህ ነው። ባንክ፣ ገንዘብ ያዥነት፣ የንብረት ክፍል፣ አንዳንዴም ሽያጭ ላይ ዋስ ይጠየቃል። ዋሱ ቋሚ ሥራ ያለው ሰው ይሆናል፤ ከመሥሪያ ቤቱ ደመወዙን የሚገልጽ የዋስትና ደብዳቤ ያጽፋል። የዋሱ ደመወዝ ከዚህ በታች መሆን የለበትም የሚል ድርጅትም አለ።

የእኔ አጎት በደስታ «እሺ» አለኝ። ደብዳቤ ሊያጽፍ ሲሄድ ከሦስት ዓመት በፊት ለሌላ ሰው ዋስ መሆኑ ወጣ። መሥሪያ ቤቱ ደግሞ ለሁለተኛ አይጽፍም። ሁለት ሳምንት ዋስ ፍለጋ ስዞር ቦታው ለተጠባባቂ ተሰጠ። እናንተ አሁኑኑ፣ ገና ሳታመለክቱ ሁለት ሰው ጠይቁ። «ከዚህ በፊት ለሰው ዋስ ሆነው ያውቃሉ?» ማለት አያሳፍርም። ዋስ መሆን ቀልድ አይደለም፤ ብታጎድሉ የሚጠየቁት እነሱ ናቸው። ስለዚህ ማንም እምቢ ቢላችሁ አትቀየሙ።

8. ገንዘብ የሚጠይቅ «ቀጣሪ»

አጭር ነው። ለፎርም፣ ለምዝገባ፣ ለሥልጠና፣ ለዩኒፎርም «መጀመሪያ በቴሌብር ላኩ» ያለ ሁሉ ሥራ የለውም። አድራሻው ሕንፃ ቁጥር የሌለው፣ ደመወዙ ለዜሮ ዓመት ከልክ በላይ የወፈረ፣ ለኢንተርቪው ካፌ የሚቀጥር፣ ሰው አምጡና ኮሚሽን ታገኛላችሁ የሚል፤ ሁሉንም እለፉ። ብቻዋን የምትሄድ ሴት የት እንደሄደች ለቤት ሰው ትንገር። ኦሪጅናል ዲግሪ ለማንም አታስይዙ።

9. ስድስት ወር ቢሞላስ?

ያን ጊዜ መረቡን አስፉ። ባንክ ብቻ ስትጠብቁ ከነበረ ትምህርት ቤት፣ ክሊኒክ፣ አስመጪ፣ ሆቴል፣ ፋብሪካ እዩ። የሒሳብ ምሩቅ ሱፐርማርኬት ካሸር ቢሆን ምን ነውር አለው? እዚያው ቤት ሒሳብ ክፍል አለ፣ ክፍት ቦታ ሲኖር መጀመሪያ የሚሰማው ውስጥ ያለ ነው። ከአዲስ አበባ ውጭ ያለ ፋብሪካ ወይም ፕሮጀክት ላይ ደግሞ ፉክክሩ ይቀላል፤ ከተማ ካልሆነ የሚል ሰው ብዙ ስለሆነ።

አንድ መስፈርት ብቻ አትልቀቁ፦ ደመወዙ በወረቀት ተመዝግቦ የሚከፈልና የልምድ ማስረጃ የሚሰጥ ቤት ይሁን። በጥሬው እየቆጠረ፣ ሳያስፈርም የሚያሠራ ቦታ ዓመት ብትቆዩበትም ከዜሮ አያወጣችሁም።

10. ውሉ ላይ

የግል ድርጅት ከሆነ የሚገዛው የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። የሙከራ ጊዜ ከ60 የሥራ ቀናት አይበልጥም። «ስድስት ወር ሙከራ ነህ» የሚል ካለ አዋጁን አላነበበም ወይም እናንተ እንዳላነበባችሁ ገምቷል። በሙከራ ጊዜ ያለ ማስጠንቀቂያ ሊያሰናብታችሁ ይችላል፤ እናንተም ያለ ማስጠንቀቂያ መልቀቅ ትችላላችሁ። የዓመት ፈቃዱ ለመጀመሪያው ዓመት ቢያንስ 16 የሥራ ቀናት ነው።

ደመወዝ ሲነገራችሁ «ያልተጣራ ነው የተጣራ?» በሉ። በ10,000 ብር እናስላው። ከ2017 ዓ.ም. ማሻሻያ ወዲህ የመጀመሪያው 2,000 ብር ግብር የለበትም። ከዚያ እስከ 4,000 ያለው 15 በመቶ፣ 300 ብር። እስከ 7,000 ያለው 20 በመቶ፣ 600 ብር። እስከ 10,000 ያለው 25 በመቶ፣ 750 ብር። ግብሩ 1,650 ሆነ። ጡረታ 7 በመቶ፣ 700 ብር። አሠሪው በበኩሉ ጡረታው ላይ 11 በመቶ ይጨምርላችኋል። እጃችሁ የሚገባው 7,650 ነው። ወጪ መጋራት ካለባችሁ እሱም ይነሳል። ቤት ኪራይና ታክሲን በዚህ ቁጥር አስሉ፣ በ10,000 አይደለም።

ሥራ በጀመራችሁ ዓመት ሲሞላ ባትለቁም እንኳ የልምድ ማስረጃ ጠይቁ። አዋጁ ሠራተኛው በጠየቀ ጊዜ ሁሉ የሥራውን ዓይነት፣ የቆየበትን ጊዜና ደመወዙን የሚገልጽ ማስረጃ በነፃ እንዲሰጥ ያዝዛል። አለቃ «ልትለቅ ነው እንዴ?» ብሎ በጎሪጥ ያያችሁ ይሆናል። «ለፋይሌ ነው» በሉት። ማኅተሙና ፊርማው ግልጽ መሆኑን፣ የስማችሁ ፊደል ከዲግሪው ጋር አንድ መሆኑን እዩ። ከዚያ ስካን አድርጉና ያን የቆየ ፒዲኤፍ ውስጥ ከቴምፖው ቀጥሎ አስገቡት።